በባሕር ላይ ሕግ ስለ ማስከበር ሥራ

ሕግ አስከባሪ ሲባል ለብዙዎቻችን ወዲያው በዐሳባችን የሚመጣው በመንገድ መጋጠሚያ ቆሞ የምናየው ፖሊስ ነው። ይህ ፖሊስ ጥፋተኛ ቢይዝ ጣቢያው ቅርብ ነው፤ ከጣቢያውም ፍርድ ቤቱ ሩቅ አይደለም፤ ረዳት ቢያስፈልገው ፊሽካውን ይነፋል። ነገር ግን የብስ ከዐይን በጠፋበት፥ ጣቢያም ዳኛም ጎረቤትም በሌለበት በባሕር መካከል ሕግ የሚያስከብረው ማን ነው? በምን ሥልጣንስ ያስከብራል? እኔ በዚህ ዓመት ስለዚህ ጥያቄ ከመጻሕፍት ያገኘሁትንና ከሽማግሌ የሰማሁትን አሰባስቤ ለመጽሔታችን አንባብያን እንደሚከተለው አቀርባለሁ። በጽሑፉ ውስጥ የሚገኙት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ጥናቱን ስጀምር አንድ የክፍል ጓደኛዬ «የባሕር በር ለሌላት አገር ተማሪ ይህ ምን ይጠቅመዋል?» ሲል ጠየቀኝ። ጥያቄው የሚናቅ ባለመሆኑ አስቀድሜ ልመልሰው። አገራችን በ1955 ዓ.ም. የራሷን ባሕር ኀይል አቋቁማ፥ ምፅዋን ዋና ሰፈሩ አድርጋ፥ በኖርዌይ መኮንኖች ረዳትነት ልጆቿን ታስተምር ነበር። በ1962 ዓ.ም. ከአሜሪካ የተገኘችው «ኢትዮጵያ» የተባለችው መርከብ የዚያ ባሕር ኀይል ዋና መርከብ ነበረች። ኤርትራ በ1993 ዓ.ም. ነጻ አገር ስትሆን ጠረፉ ከእጃችን ወጣ፤ ባሕር ኀይሉም በ1996 ዓ.ም. ፈረሰ። በ2018 ዓ.ም. ግን መንግሥት ባሕር ኀይሉን እንደገና ለማቋቋም ማሰቡን አስታወቀ። ከዚህም ሌላ የንግድ መርከቦቻችን ዛሬም ሰንደቅ ዓላማችንን አውለብልበው በውቅያኖስ ይሄዳሉ። ጠረፍ የሌለው አገር ይህን የማድረግ መብት እንዳለው በ1921 ዓ.ም. በባርሴሎና በወጣው መግለጫ ታውቋል። ከውጭ የምናስገባው ዕቃ አብዛኛው በጂቡቲ በኩል የሚመጣ ስለ ሆነ፥ የቀይ ባሕርና የኤደን ባሕረ ሰላጤ ጸጥታ የማዳበሪያችንና የነዳጃችን ጉዳይ ነው። ከ2023 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በቀይ ባሕር በንግድ መርከቦች ላይ በደረሰው አደጋ ብዙ መርከቦች መንገዳቸውን ለውጠው አፍሪካን በደቡብ በኩል እስከ መዞር ደርሰዋል። እንግዲህ ባሕሩ ቢርቀንም የባሕሩ ሰላም አይርቀንም።

በባሕር ላይ ሕግ የማስከበር ሥራ በሦስት ሊከፈል ይችላል። አንደኛው በመርከቡ ውስጥ ባሉት ሰዎች መካከል ሥርዓትን መጠበቅ ነው። ሁለተኛው ሌላውን መርከብ አስቁሞ መመርመር ነው። ሦስተኛው መርከቡን ከውጭ ከሚመጣ አደጋ መከላከል ነው። በየተራ እንመልከታቸው።

1ኛ. በመርከቡ ውስጥ

በእንግሊዝና በአሜሪካ ባሕር ኀይል በመርከብ ላይ የፖሊስነትን ሥራ የሚሠራው ሹም «ማስተር አት አርምስ» ይባላል፤ ቃል በቃል ሲተረጐም «የመሣሪያ አለቃ» እንደ ማለት ነው። ስሙ የተገኘው ከጥንት ሥራው ነው፤ በሸራ መርከቦች ዘመን ባሕርተኞችን ጠመንጃና ጎራዴ የሚያለማምደው እርሱ ነበርና። በኋላ ግን ጠብና ስርቆት እንዳይነሣ መጠበቅ፥ ሌሊት እየዞረ መብራትና እሳት መጥፋቱን ማየት፥ ያጠፋውንም ሰው ይዞ በመርከቡ አዛዥ ፊት ማቅረብ ዋና ተግባሩ ሆነ። መርከቡ ከእንጨት የተሠራ፥ ባሩድም የተጫነበት ስለ ነበረ፥ አንድ ሰው ሳያጠፋው የተኛው ሻማ ሁሉንም ሊፈጅ ይችል ነበር።

በአሜሪካ ባሕር ኀይል ይህ ሹመት በ1797 ዓ.ም. ተቋቋመ፤ በ1921 ዓ.ም. ቀረ፤ በ1973 ዓ.ም. ደግሞ ተመለሰ። ዛሬ ሥራውን የሚይዙት ወንዶችና ሴቶች አስቀድመው በቴክሳስ ክፍለ አገር በሳን አንቶኒዮ ከተማ በላክላንድ የጦር ሰፈር ልዩ ትምህርት ይማራሉ። የሚማሩትም ሕግ፥ የወንጀል ቦታ አጠባበቅ፥ ሰውን ብዙ ሳይጐዱ የመያዝ ዘዴ፥ የመሣሪያ አጠቃቀምና የበር ጥበቃ ነው። ከእነርሱም መካከል ፈንጂና አደንዛዥ ዕፅ አሽትተው የሚያገኙ ውሾችን የሚመሩ አሉ።

አንድ ትልቅ አውሮፕላን ተሸካሚ መርከብ 5,000 ያህል ሰው ይይዛል። ይህም የአንድ ትንሽ ከተማ ሕዝብ ነው፤ ነገር ግን ይህች ከተማ ከአጥሯ ውጭ ውሃ እንጂ መንገድ የላትም። በአገራችን በጥንት ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ ልብሳቸው ተቋጥሮ አብረው ወደ ዳኛ ይሄዱ እንደ ነበረ፥ ይህም ቁራኛ ይባል እንደ ነበረ ሁላችን ሰምተናል። የመርከብ ሕግ አስከባሪ ኑሮም ይህን ይመስላል። ዛሬ የያዘውን ሰው ነገ በምሳ ሰልፍ ላይ ከፊቱ ያገኘዋል። መርከቡ ላይ እሳት ቢነሣ ያው ሰው የውሃ ቱቦ ይዞ ከጎኑ ይቆማል። በወጣትነታቸው ምፅዋ ላይ በባሕር ኀይል ያገለገሉት አያቴ ይህን ነገር ሲያስረዱኝ፥ «ልጄ፥ በመርከብ ላይ ያጠፋ ሰው የሚሸሽበት ጫካ የለውም፤ የያዘውም ሰው የሚደበቅበት ቤት የለውም» ብለውኛል።

እንዲህ ባለ ኑሮ ውስጥ ሹሙ በጉልበቱ የሚመካ ወይም ቂም የሚይዝ ቢሆን ሥርዓቱ ከአንድ ወር በላይ አይቆምም። ስለዚህ ሥልጣኑ ከዘመን ወደ ዘመን በሕግ እየተገራ መጥቷል። በአሜሪካ ባሕር ኀይል ባሕርተኛን በአለንጋ መግረፍ በ1850 ዓ.ም. ተከለከለ። በ1950 ዓ.ም. ለምድር፥ ለአየርና ለባሕር ጦር ሁሉ አንድ የሆነ የወታደር ፍትሕ ሕግ ወጣ። በዚህም ሕግ 31ኛ አንቀጽ መሠረት የተጠረጠረ ሰው የሚጠየቀው የተጠረጠረበት ነገር ከተነገረውና ዝም የማለት መብት እንዳለው ካወቀ በኋላ ነው። ከሸራ መርከብ ዘመን የተረፈው፥ ጥፋተኛውን በእስር ክፍል ውስጥ ለሦስት ቀን በዳቦና በውሃ ብቻ የማቆየት ቅጣትም ከ2019 ዓ.ም. ጀምሮ ቀርቷል። ከሁሉ ይልቅ የሚያስፈልገው ግን ይህ ነው፤ የሚይዘውና የሚፈርደው አንድ ሰው አይደለም። ሹሙ ይይዛል፥ ይመረምራል፥ ይጽፋል፤ ቀላሉን ጥፋት አዛዡ፥ ከባዱን የጦር ፍርድ ቤት ይመለከተዋል። ማታ ከተያዘው ሰው ጋር በአንድ መርከብ ውስጥ ለሚያድር ሹም ይህ መለያየት ለራሱም ዕረፍት ነው።

2ኛ. በሌላው መርከብ ላይ

ባሕር ባለቤት የሌለው ሜዳ የሚመስለው ሰው ይኖር ይሆናል። ነገሩ ግን እንዲህ አይደለም። በ1982 ዓ.ም. ተፈርሞ በ1994 ዓ.ም. በሥራ ላይ የዋለው የተባበሩት መንግሥታት የባሕር ሕግ ስምምነት ባሕሩን በክፍል በክፍል አበጅቶታል። ከጠረፍ እስከ 12 የባሕር ማይል ያለው ውሃ የጠረፉ አገር ግዛት ነው፤ አንድ የባሕር ማይል 1,852 ሜትር ስለ ሆነ ይህ 22 ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል። እስከ 24 ማይል ድረስ አገሩ የጉምሩክን፥ የጤናንና የመግቢያ ፈቃድን ሕግ ለማስከበር ይችላል። እስከ 200 ማይል ድረስ ዓሣውና ከባሕሩ በታች ያለው ሀብት የእርሱ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለው የሁሉም ነው፤ በዚያ የሚሄድ መርከብም ለሰንደቅ ዓላማው አገር ሕግ ብቻ ይገዛል።

እንግዲህ በነጻው ባሕር ላይ አንድ የጦር መርከብ የሌላውን አገር የንግድ መርከብ እንዲሁ ደስ ስላለው ሊያስቆመው አይችልም። የሚያስቆመው በባሕር ውንብድና፥ በባሪያ ንግድ ወይም ያለ ፈቃድ ሬዲዮ በማሰራጨት የጠረጠረው እንደ ሆነ፥ ወይም ደግሞ አገር የሌለው መስሎ ከታየው፥ ወይም የውጭ ባንዲራ ሰቅሎ በእውነቱ የራሱ አገር መርከብ መሆኑን ከተጠራጠረ ነው። በአገራችን አንድ ሰው «በሕግ አምላክ!» ሲባል ባለበት ይቆም እንደ ነበረ፥ የባሕሩም ጥሪ የታወቀ ወግ አለው። መጀመሪያ ማንኛውም መርከብ በሚያዳምጠው በ16ኛው የሬዲዮ መሥመር ስሙንና መድረሻውን ይጠይቁታል። መልስ ካልሰጠ በድምፅ ማጉያና በመብራት ያስጠነቅቁታል። ቢጫና ጥቁር አራት ማዕዘን ያለባት «ኤል» የተባለችው ባንዲራ ከተሰቀለች «መርከብህን አሁኑኑ አቁም» ማለት ነው።

መርከቡ ከቆመ በኋላ በአንድ መኮንን የሚመራ ቡድን በጀልባ ይሄዳል። ቡድኑ መጀመሪያ የሚያየው ሰነዶችን ነው፤ መርከቡ የተመዘገበበትን ወረቀት፥ የጭነቱንና የሠራተኞቹን ዝርዝር ይመለከታል። ጥርጣሬው በዚህ ካልተወገደ ብቻ ፍተሻው ይቀጥላል፤ እርሱም በተቻለ መጠን በጥንቃቄና በአክብሮት መፈጸም እንዳለበት ስምምነቱ ያዛል። ጥርጣሬው ሐሰት ሆኖ ከተገኘና መርከቡም የሚያስጠረጥር ሥራ ካልሠራ፥ ያስቆመው ወገን ለደረሰው ጉዳት ካሣ ይከፍላል። እኔን ከሁሉ ያስገረመኝ ይህ አንቀጽ ነው። መድፍ የጫነ መርከብ መሣሪያ የሌለውን ነጋዴ ያለ አግባብ ቢያጉላላ ዕዳ ይገባበታል ማለት ነውና።

ወሰኑ በዚህ ብቻ አያበቃም። በአንድ አገር ውሃ ውስጥ ወንጀል የሠራን መርከብ እስከ ነጻው ባሕር ተከትሎ መያዝ ይፈቀዳል፤ ነገር ግን ተሳዳጁ የራሱ ወይም የሦስተኛ አገር ግዛት ውሃ ውስጥ ከገባ ማሳደዱ ይቆማል። በአሜሪካም ዕፅ የጫነች ጀልባ የጦር መርከብ ቢያገኛት፥ ሰዎቹን የሚይዙት ባሕርተኞቹ ሳይሆኑ በመርከቡ ላይ አብረው የሚሄዱ የጠረፍ ጠባቂ ሠራተኞች ናቸው። ያን ጊዜ በጦር መርከቡ ላይ የጠረፍ ጠባቂው ባንዲራ ይሰቀላል። ይህም ጦርነትና የፖሊስ ሥራ እንዳይደባለቁ ለመጠበቅ የተደረገ ነው።

መያዙ ራሱ የሥራው ግማሽ ብቻ መሆኑ በሶማሊያ ጠረፍ ታይቷል። የባሕር ወንበዴዎች በበዙበት በ2008 ዓ.ም. የጸጥታው ምክር ቤት 1816ኛውን ውሳኔ አሳለፈ፤ በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ላይ የአውሮፓ ኅብረት «አታላንታ» የተባለውን ዘመቻ ጀመረ። የጦር መርከቦቹ ብዙ ተጠርጣሪዎችን ያዙ፤ ነገር ግን «የት ይከሰሱ? በምን ማስረጃ?» የሚል ጥያቄ ተነሣ። ኬንያና ሲሼልስ በፍርድ ቤቶቻቸው ብዙዎችን ተቀብለው ዳኙ። ሌሎቹ ግን የሚዳኛቸው አገር ባለመገኘቱ ወይም ማስረጃው ባለመሙላቱ ተለቀቁ። ባለ መንጠቆው መሰላል ከየትኛው ጀልባ እንደ ተገኘ፥ ጠመንጃውን ማን እንዳነሣው፥ በስንት ሰዓትና በየትኛው ቦታ እንደ ነበረ በጊዜው ካልተጻፈ፥ ከወራት በኋላ በሩቅ ከተማ የሚቀመጠው ዳኛ ሊያምን አይችልም። ስለዚህ ለባሕር ሕግ አስከባሪ እርሳስና ደብተር ከጠመንጃው የማያንሱ መሣሪያዎች ናቸው።

3ኛ. ወደ መርከቡ የምትመጣው ትንሽ ጀልባ

አሁን ከሥራው ሁሉ ከባድ ወደ ሆነው ክፍል ደረስን። መርከቡን የሚጠብቀው ዘበኛ አንዲት ትንሽ ጀልባ ወደ እርሱ ስትመጣ ያያል። ዓሣ አጥማጅ ናት ወይስ ጠላት? ለመወሰን ያለው ጊዜ ጥቂት ደቂቃ ነው። ስለዚህ ነገር ሁለት ታሪኮችን ጎን ለጎን ማየት ይገባል።

የመጀመሪያው በኤደን ወደብ የሆነው ነው። ጥቅምት 12 ቀን 2000 ዓ.ም. «ኮል» የተባለችው የአሜሪካ የጦር መርከብ ነዳጅ ለመቅዳት ቆማ ነበር። አንዲት ትንሽ ጀልባ ወደ መርከቧ ቀረበች። የወደቡ አገልግሎት ጀልባዎች በአካባቢው ይመላለሱ ስለ ነበረ፥ ይህችም ከእነርሱ አንዷ መሰለች። ጀልባዋ ግን ፈንጂ የተሞላች ነበረችና ከመርከቧ ጎን ስትደርስ ፈነዳች። 17 ባሕርተኞች ሞቱ፤ ከ30 በላይ የሚሆኑ ቆሰሉ። አደጋውን የጣለው አልቃይዳ የተባለው ድርጅት ነው።

ሁለተኛው በሕንድ በኬረላ ጠረፍ የሆነው ነው። የካቲት 15 ቀን 2012 ዓ.ም. «ኤንሪካ ሌክሲ» የተባለች የኢጣሊያ ነዳጅ ጫኝ መርከብ ከጠረፉ 20 የባሕር ማይል ያህል ርቃ ትሄድ ነበር። ከወንበዴ እንዲጠብቋት የኢጣሊያ ባሕር ኀይል ወታደሮች ተሳፍረውባት ነበር። አንዲት ጀልባ ስትቀርብ ወታደሮቹ የወንበዴ መስላቸው ተኰሱ። በጀልባዋ ውስጥ የነበሩት ግን የሕንድ ዓሣ አጥማጆች ነበሩ፤ ሁለቱ ሞቱ። ጉዳዩ ሁለቱን መንግሥታት ለብዙ ዓመታት አጣላ። በ2020 ዓ.ም. ዓለም አቀፍ የግልግል ዳኞች ወታደሮቹ በመንግሥት ሥራ ላይ ስለ ነበሩ በሕንድ ፍርድ ቤት አይከሰሱም፤ ሕንድ ግን ካሣ ይገባታል ብለው ወሰኑ። በ2021 ዓ.ም. 100 ሚሊዮን ሩፒ ተከፍሎ በሕንድ የነበረው ክስ ተዘጋ። ይሁን እንጂ የትኛውም ገንዘብ ለሟቾቹ ቤተ ሰብ አባት ወይም ልጅ አይሆንም።

በኤደን የቀረበችው ጀልባ ወዳጅ ተመስላ ጠላት ሆነች፤ በኬረላ የቀረበችው ጠላት ተመስላ ምስኪን ሆነች። ሁለቱን ታሪኮች ካነበብሁ በኋላ ራሴን ብዙ ጊዜ ጠየቅሁ፤ እኔ በዘበኛው ቦታ ብሆን ምን አደርግ ነበር? በኤደን የሞቱትን የሚያስብ ሰው ቶሎ መተኰስን ይመርጣል፤ በኬረላ የሞቱትን የሚያስብ ደግሞ እጁ ቃታ ለመሳብ ይፈራል። አንዳንድ ሰዎች ሕግና መመሪያ የዘበኛውን እጅ አስረው ለጠላት አሳልፈው ይሰጡታል ይላሉ። እኔም ጥናቱን ስጀምር ይህ አባባል ጥቂት እውነት ያለበት ይመስለኝ ነበር።

አሁን ግን ነገሩ እንዲህ አይመስለኝም። ከኤደን አደጋ በኋላ በአሜሪካ ባሕር ኀይል የማስተር አት አርምስ ቍጥር እጅግ እንዲጨምር ተደረገ፤ በየወደቡም የመርከብ ጥበቃ ተጠናከረ። የዚህ ጥበቃ ዘዴ በደረጃ መሄድ ነው። መርከቡ ከመቆሙ አስቀድሞ በዙሪያው የርቀት ወሰን ይበጃል። ጀልባ የመጀመሪያውን ወሰን ብታልፍ ማንነቷ ይጠየቃል። ብትቀጥል ጥሩምባ ይነፋል፥ መብራት ይበራባታል፥ በድምፅ ማጉያ እንድትመለስ ይነገራታል። ከዚያም የጥበቃ ጀልባ በፊቷ ገብታ መንገድ ትዘጋባታለች። ተኩስ የሚመጣው ይህ ሁሉ ተሞክሮ ካልሆነና የሰው ነፍስ የሚያጠፋ አደጋ መምጣቱ ግልጽ ከሆነ ብቻ ነው።

እያንዳንዱ ደረጃ ሁለት ጥቅም አለው። ንጹሑን ሰው ለማዳን ጊዜ ይሰጣል፤ የጠላትንም ዐሳብ ይገልጣል። ዓሣ አጥማጅ አንዳንድ ጊዜ መረቡን ከትልቁ መርከብ ለማዳን ሲል ወደ መርከቡ ይቀርባል፤ ጥሩምባውን ሲሰማ ግን እጁን ያወዛውዛል ወይም ይመለሳል። ጥሩምባውን፥ መብራቱንና የጥበቃ ጀልባዋን ሁሉ ጥሶ የሚመጣው ግን ማንነቱን በሥራው ተናግሯል። ስለዚህ ሕጉ የዘበኛውን እጅ አያስርም፤ አስቀድሞ ዐስቦለት ጥቂቷን ደቂቃ ያበዛለታል እንጂ። በኤደን ያለ ጥያቄ ማለፍ፥ በኬረላም ያለ ማጣራት መተኰስ አንድ ዐይነት ጉድለት አላቸው፤ በሁለቱም ቦታ የጀልባዋ ማንነት ሳይታወቅ ግምት የእውቀትን ቦታ ያዘ።

ማጠቃለያ

ከዚህ ጥናት የተረዳሁት፥ በባሕር ላይ ሕግ የሚያስከብር ሰው ከጉልበት ይልቅ ሦስት ነገር እንደሚያስፈልገው ነው። መጀመሪያ የሥልጣኑን ወሰን ማወቅ፤ ሁለተኛ ያየውን ሳይጨምርና ሳይቀንስ መጻፍ፤ ሦስተኛ በፍርሃትና በቍጣ ሰዓት የተለማመደውን ደረጃ ሳይዘል መከተል። እነዚህም ሦስቱ በመርከብ ላይ የሚጀመሩ አይደሉም። የክፍል አለቃ የሆነ ሁሉ ጥቂቱን ያውቃቸዋል፤ ስሙን ጽፎ ለመምህሩ የሰጠው ልጅ በዕረፍት ሰዓት ኳስ የሚጫወተው ከእርሱ ጋር ነውና።

ወላጆቻችን ልጃቸው የጥበቃ ሥራ እመርጣለሁ ሲል መስጋታቸው ተገቢ ነው፤ ሥራው ነፍስን የሚያሰጋ ነውና። ነገር ግን አገራችን ባሕር ኀይሏን መልሳ ለማቋቋም ካሰበች፥ በመርከቡ ላይ የሚቆሙት ከእኛው ትውልድ የሚወጡ ልጆች ናቸው። እኔም ዕድሉን ካገኘሁ ከእነርሱ አንዱ ለመሆን እመኛለሁ። ለዚህ ብዬ እንግሊዝኛ፥ ሒሳብና የሥነ ዜጋ ትምህርት ከዛሬ ጀምሮ በትጋት እማራለሁ፤ የባሕር ሕጉን መጽሐፍም ደግሜ አነበዋለሁ። ጥያቄ ያላችሁ ጓደኞቼ ብትጠይቁኝ ያወቅሁትን በደስታ እነግራችኋለሁ፤ ያላወቅሁትንም አብረን እንፈልገዋለን።